በትምህርት ማስረጃ ላይ የተሳሳተ የልደት ቀን በሕግ ስለሚታረምበት መንገድ

ይህን ነገር ለመመርመር ያነሣሣን ከመካከላችን በአንዱ ላይ የደረሰው ችግር ነው። ጓደኛችን የተወለደው ኅዳር 14 ቀን 1997 ዓ.ም. ነው፤ የክርስትና ወረቀቱም ይህንኑ ይላል። የተማረበት ትምህርት ቤት ግን በአውሮፓ አቈጣጠር ማስረጃ ሲያዘጋጅለት ቀኑንና ወሩን እንዳለ ገልብጦ፣ በዓመቱም ላይ ስምንት ደምሮ፣ 14/3/2005 ብሎ ጻፈው። ኅዳር በእኛ አቈጣጠር ሦስተኛ ወር በመሆኑ ማርች ሆኖ ቀረ ማለት ነው። ትክክለኛው ኖቬምበር 23 ቀን 2004 ነበር። ልዩነቱ 111 ቀን ብቻ ነው፤ ነገር ግን ፓስፖርቱ አንድ፣ የትምህርት ማስረጃው ሌላ ቀን ስለ ያዙ በውጭ አገር ያገኘው የትምህርት ዕድል «ሁለቱ ሰነዶች የአንድ ሰው መሆናቸው ይረጋገጥ» ተብሎ ታገደበት።

ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ገደማ የሚደመረው ሰባት፣ ከዚያ በኋላ ስምንት መሆኑን ብዙ ሰው ያውቃል፤ ቅጽ ሲሞላ ግን ይረሳዋል። ከሚሲዮን ትምህርት ቤት የመጣን ተማሪዎች በሁለት አቈጣጠር ስንጻፍ ስለ ኖርን ይህን ስሕተት ከሌላው ይልቅ እናውቀዋለን።

ሆኖም የችግሩ ሥር ከአቈጣጠር ይልቅ ጥልቅ ነው። በ1952 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ ልደት በክብር መዝገብ እንዲረጋገጥ አዝዞ ነበር፤ ነገር ግን ስለ ክብር መዝገብ የተጻፉት ድንጋጌዎች በትእዛዝ እስኪታወቅ ድረስ እንዳይጸኑ የዚያው ሕግ ቍጥር 3361 አገዳቸው። በአገር አቀፍ ደረጃ ምዝገባ የተጀመረው በአዋጅ ቍጥር 760/2004 መሠረት በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ነው። በዚህ መካከል ከሃምሳ ዓመት በላይ አልፏል። የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ለጠየቀው ሰው የልደት ምስክር ወረቀት ይሰጥ ነበር፤ የገጠሩ ልጅ ግን ይህ አልነበረውም። ዕድሜው የሚታወቀው በወንጌላዊው ዘመን፣ በጦርነት ወይም በድርቅ ነበር። ለትምህርት መድረሱም እጁን በራሱ ላይ አሻግሮ የማዶውን ጆሮ መንካቱ ታይቶ ይፈረድ ነበር። መዝገብ ያዡ ከዚያ በኋላ የጻፈው ቀን ግምት ነው፤ ግምቱ ግን ማኅተም ሲያርፍበት እውነት ይሆናል።

እንግዲህ ማረም የሚፈልግ ሰው በመጀመሪያ ስሕተቱ የት እንደ ተወለደ መለየት አለበት። የትምህርት ቤቱ ዋና መዝገብ ትክክል ሆኖ የተሳሳተው ግልባጩ ከሆነ፣ ነገሩ የጽሕፈት ስሕተት ነው። ማስረጃውን የሰጠው ክፍል መዝገቡን አገላብጦ በደብዳቤ ሊያርመው ይችላልና ዳኛ አያስፈልገውም። ዋናው መዝገብ ራሱ የተሳሳተ እንደ ሆነ ግን የመዝገብ ቤቱ ሹም በራሱ ፈቃድ ቢሰርዘው ሌላ ጥፋት ነው። ያን ጊዜ አመልካቹ ለፍርድ ቤት በጽሑፍ ያመለክታል፤ የልደት ምስክር ወረቀት፣ የክርስትና ወረቀት፣ የክትባት ካርድ ካለው ያያይዛል፤ ልደቱን የሚያውቁ ምስክሮችንም ያቀርባል። የሐኪም ምርመራ አንዳንድ ጊዜ ይታዘዛል፤ ነገር ግን በራጅ የሚታየው የእጅ አንጓ አጥንት የዕድሜ ግምት እንጂ የልደት ቀን አይነግርም። ከሁሉም የሚከብደው ክርክሩ ከመነሣቱ አስቀድሞ የተጻፈ ወረቀት ነው። ትናንት የወጣ ማስረጃ ለዛሬ ጉዳይ የተሠራ እንዳይሆን ዳኛው ቢጠራጠር አይፈረድበትም።

መጠራጠሩም ምክንያት አለው። ጡረታ በ60 ዓመት ስለሚሆን ዕድሜውን ዝቅ ማድረግ የሚፈልግ አለ፤ ስለዚህም የጡረታ ሕጋችን ሠራተኛው መጀመሪያ ሲቀጠር ያስመዘገበውን ዕድሜ ይይዛል። ልጅቱን ለመዳር ዕድሜዋን ከፍ የሚያደርግም አለ፤ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በ1992 ዓ.ም. የጋብቻን ዕድሜ ለሴትም ለወንድም 18 አድርጓል፤ የፊተኛው ሕግ ለሴት 15 ይል ነበር። በእኛ አስተያየት ፍርድ ቤት የሚያርመው ጽሑፉን እንጂ ዕድሜን አይደለም፤ ይህን ልዩነት የማያይ አመልካች ምስክሮቹን ወደ ሐሰት ይመራል፤ በሐሰት መመስከርም ወንጀል ነው። ቀኑን በምላጭ ፍቆ በሌላ ቀለም መጻፍማ ከማረም ወደ ሰነድ ማጭበርበር መሻገር ነው፤ ይህን «ቀላል መንገድ» ብሎ የሚመክር ሰው በየግቢው እንደማይጠፋ አንባቢዎቻችን ያውቃሉ።

ወደ ጓደኛችን እንመለስ። ምክር ሳይጠይቅ ፒያሳ ወርዶ ለማመልከቻ ጸሐፊ ከፈለ፤ ሁለት አጎቶቹን ከክፍለ ሀገር አስመጣ፤ ቀጠሮም ሲጠባበቅ ሰነበተ። በቀጠሮው ቀን ዳኛው «ትምህርት ቤቱ አላርምም ብሎሃል?» ብለው ጠየቁት። ጠይቆ አያውቅም ነበር። በማግሥቱ ትምህርት ቤቱ ሄደ፤ መዝገቡ ሲገለጥ «ኅዳር 14 ቀን 1997» በአማርኛ ጥርት ብሎ ተጽፎ ተገኘ። የእርማት ደብዳቤው በሦስተኛው ቀን ወጣ። የትምህርት ዕድሉ ግን የማመልከቻው ቀን ስላለፈበት ወደሚመጣው ዓመት ተዛወረ፤ አጎቶቹም የመሳፈሪያውን ነገር እስከ ዛሬ ያነሡበታል።