ሌንስ የሚያርመውና የማያርመው ብዥታ፦ የብርሃን ስብረት በሰው ዓይን ውስጥ

ከባሕር ዳር በስተደቡብ፣ ወደ አዲስ አበባ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ ከምትገኘው ከመራዊና ከዙሪያዋ ቀበሌዎች፣ ዕድሜያቸው 50 ዓመት ገደማ የሆነ ሁለት ሴቶች «ዓይኔ ፈዘዘብኝ» ብለው ወደ ጤና ጣቢያ ቢመጡ አቤቱታቸው አንድ ይመስላል። አንደኛዋ በመርፌ ቀዳዳ ክር ማስገባት አቅቷታል፤ ማዶ የተሰማሩትን ከብቶች ግን ለይታ ታያለች። ሁለተኛዋ ቅርቡም ሩቁም ጭጋግ ሆኖባታል፤ የቆቧ ፀጉርም ወደ ውስጥ ዞሮ ዓይኗን ይወጋታል። ለመጀመሪያዋ ተራ የንባብ መነጽር ይበቃታል። ለሁለተኛዋ ግን የቱንም ያህል ኃይል ያለው መነጽር ቢሰጣት ጭጋጉን አይገፍላትም። ይህ ጽሑፍ ልዩነቱ ከምን እንደሚመነጭ ከብርሃን ስብረት ሕግ ተነሥቶ ያብራራል።

የስብረት ሕግ

ብርሃን በባዶ ሕዋ ውስጥ በሰከንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ይጓዛል፤ በውኃ፣ በመስታወትና በሕያው ኅብረ ሕዋስ ውስጥ ሲያልፍ ግን ፍጥነቱ ይቀንሳል። በባዶ ሕዋ ያለው ፍጥነት በአንድ ነገር ውስጥ ላለው ፍጥነት ሲካፈል የሚገኘው ቁጥር የዚያ ነገር የስብረት ኢንዴክስ ይባላል። የአየር 1.00፣ የውኃ 1.33፣ የተለመደው መስታወት 1.5 ገደማ ነው። ጨረር ከአንዱ ወደ ሌላው በሰያፍ ሲገባ ፍጥነቱ ስለሚለወጥ አቅጣጫውም ይታጠፋል። የእጥፋቱን መጠን የሚወስነው ሕግ ከኔዘርላንዳዊው ቪሌብሮርድ ስኔል ስም ጋር ተያይዞ ይታወቃል፤ እርሱም የደረሰበት እ.ኤ.አ. በ1621 ነው። በሕጉ መሠረት የእያንዳንዱ ወገን ኢንዴክስ በማዕዘኑ ሳይን ሲባዛ ውጤቱ በሁለቱም ወገን እኩል ነው። ለምሳሌ ከውኃው ገጽ ቀጤ ነክ መስመር በ45 ዲግሪ ከአየር የገባ ጨረር በውኃው ውስጥ ወደ 32 ዲግሪ ይጠጋል።

በቆጋ መስኖ ቦይ ዳር የቆመ ገበሬ በጠራ ውኃ ውስጥ በሰያፍ የሰደደው በትር የተሰበረ መስሎ የሚታየው በዚሁ ምክንያት ነው፤ በቀጥታ ወደ ታች ሲመለከትም ጥልቀቱ ከእውነተኛው ሦስት አራተኛ ብቻ ይመስለዋል። ከዚህ የሚወሰደው ቁም ነገር እጥፋቱን የሚወስነው የአንዱ ነገር ኢንዴክስ ብቻ ሳይሆን በድንበሩ ላይ በሚገናኙት ሁለት ነገሮች መካከል ያለው ልዩነት መሆኑ ነው።

መሐሉ ወፍራም፣ ጠርዙ ቀጭን የሆነ ኮንቬክስ ሌንስ ትይዩ ጨረሮችን ወደ አንድ ነጥብ ይሰበስባል። ከሌንሱ እስከዚያ ነጥብ ያለው ርቀት በሜትር ሲለካ፣ 1 ለርቀቱ ተካፍሎ የሚገኘው የሌንሱ ኃይል በዳዮፕተር ይገለጻል። ጨረሮችን በ50 ሴንቲ ሜትር ላይ የሚሰበስብ ሌንስ ኃይሉ 2 ዳዮፕተር ነው።

ስብረት በዓይን ውስጥ

የዓይንን ዋና ሥራ የሚሠራው ከብሌኑ ኋላ ያለው ሌንስ እንደሆነ በሰፊው ይታሰባል። ይሁን እንጂ ጤነኛ ዓይን ካለው 60 ዳዮፕተር ገደማ ውስጥ 43 የሚሆነው የሚገኘው ከፊት ካለው ግልጽ ሽፋን፣ ከኮርኒያ ነው። ምክንያቱ የድንበሩ ልዩነት ነው። ብርሃን ከአየር (1.00) ወደ ኮርኒያ (1.376) ሲሻገር ትልቅ ዝላይ ያጋጥመዋል። ሌንሱ ግን ኢንዴክሱ 1.4 ገደማ ቢሆንም በፊቱም በኋላውም 1.336 በሆነ ፈሳሽ ስለተከበበ ድርሻው 20 ዳዮፕተር አካባቢ ነው። በጣና ውኃ ውስጥ ዓይኑን ገልጦ የጠለቀ ሰው ሁሉ ነገር የሚደበዝዝበትም በዚሁ ምክንያት ነው፤ የውኃና የኮርኒያ ኢንዴክስ ተቀራራቢ ስለሆነ ኮርኒያው ኃይሉን ከሞላ ጎደል ያጣል።

የሌንሱ ልዩ ድርሻ ማስተካከል ነው። በዙሪያው ያለው ጡንቻ ሲኮማተር ሌንሱ ይጎብጣል፣ ኃይሉም ይጨምራል። በ25 ሴንቲ ሜትር ርቀት ያለን መርፌ አጥርቶ ለማየት 4 ዳዮፕተር መጨመር ያስፈልጋል። የ10 ዓመት ልጅ ከ10 ዳዮፕተር በላይ መጨመር ይችላል፤ ዕድሜ 50 ሲደርስ ግን ሌንሱ ስለሚደድር የሚጨምረው ከ2 ዳዮፕተር እምብዛም አያልፍም። የመጀመሪያዋ ሴት ችግር ይህ ነው፤ የጎደላትን 2 ዳዮፕተር መነጽሩ ይተካላታል። ሩቁን ማየት የሚሳነው ተማሪም ቢሆን ችግሩ ከዚሁ ወገን ነው። ቁመቱ 24 ሚሊ ሜትር ገደማ የሚሆነው ዓይን በ1 ሚሊ ሜትር ቢረዝም ምስሉ ሬቲናው ላይ ሳይደርስ ይጠራል፤ 3 ዳዮፕተር የሚጠጋ በታኝ ሌንስም ስሕተቱን ያርመዋል።

ስብረትና መበተን

ኮርኒያ ውፍረቱ ግማሽ ሚሊ ሜትር ገደማ ነው። ግልጽ የሆነው የደም ሥር ስለሌለውና የኮላጅን ክሮቹ በእኩል ርቀት በሥርዓት ስለተደረደሩ ነው። ትራኮማ በልጅነት ዘመን ደጋግሞ ሲያጠቃ የቆቡን ውስጠኛ ገጽ ያጠባሳል፤ ጠባሳው ቆቡን ወደ ውስጥ ይስበዋል፤ የቆቡ ፀጉርም በእያንዳንዱ ርግብግቢት ኮርኒያውን ይፍቃል። ቁስሉ ሲሽር በሥርዓት የተደረደሩት ክሮች ቦታ በዘፈቀደ በተጠላለፈ ጠባሳ ይያዛል። በዚህ ጊዜ ብርሃኑ በየአቅጣጫው ይበተናል። ሌንስ የሚያርመው መንገዱን የሳተ፣ ሥርዓት ያለው ጨረር ነው፤ የተበተነን ብርሃን መልሶ የሚሰበስብ መነጽር የለም። የዓይን ሞራም ብርሃንን ይበትናል፤ ሆኖም የደፈረሰው ሌንስ ወጥቶ ሰው ሠራሽ ሌንስ ሊተካ ይችላል። ለጠባሳማ ኮርኒያ ግን ያለው ዋና አማራጭ ከሟች የተለገሰ ኮርኒያ መትከል ነው።

ሁለቱን ብዥታዎች ለመለየት የሚያግዘው መሣሪያ እጅግ ርካሽ ነው፤ 1.2 ሚሊ ሜትር ስፋት ያለው ቀዳዳ የተበሳበት ካርቶን ይበቃል። በጠባቡ ቀዳዳ የሚያልፈው ቀጭን የብርሃን ነዶ መታጠፍ እምብዛም አያስፈልገውም። በቀዳዳው ሲታይ ፊደሉ ከጠራ ችግሩ በአብዛኛው የስብረት ነው፤ ካልጠራ የግልጽነት፣ የሬቲና ወይም የነርቭ ችግር ይጠረጠራል። ቀላል የኮርኒያ ጠባሳም በቀዳዳው በመጠኑ ሊሻሻል ስለሚችል፣ ፈተናው ታካሚን ለመለየት እንጂ ምርመራን ለመተካት አይውልም።

ልዩነቱ በአገር ደረጃም ክብደት አለው። እ.ኤ.አ. በ2005/06 በተካሄደው ብሔራዊ ጥናት ከሕዝቡ 1.6 በመቶው ዐይነ ስውር፣ 3.7 በመቶው ደካማ ዕይታ ያለው ሆኖ ተገኝቷል። ከደካማ ዕይታ 33.4 በመቶው በስብረት ችግር የመጣ ነበር። ከዐይነ ስውርነት ደግሞ 49.9 በመቶው በዓይን ሞራ፣ 11.5 በመቶው በትራኮማ ምክንያት በተፈጠረ የኮርኒያ ጠባሳ የመጣ ነበር። ከደካማ ዕይታ አንድ ሦስተኛው፣ ማለትም በመነጽር ሊታረም የሚችለው ድርሻ፣ ያለ እርማት ቆይቷል ማለት ነው።

የትራኮማ መከላከያው ስልት አራት ክፍሎች አሉት፤ የቆብ ቀዶ ሕክምና፣ የአዚትሮማይሲን ዕደላ፣ የፊት ንጽሕና፣ እንዲሁም የውኃና የመጸዳጃ አቅርቦት። ቀዶ ሕክምናው ፀጉሩ ኮርኒያውን መፋቁን እንዲያቆም ያደርጋል፤ ቀድሞ የተፈጠረውን ጠባሳ ግን አይመልስም። ስለዚህ ለመጀመሪያዋ ሴት መነጽሩ በዘገየ ጊዜ የሚባክነው የሥራ ዘመኗ ሲሆን፣ መነጽሩ በደረሰ ቀን ዕይታዋ ይመለሳል። ለሁለተኛዋ በየወሩ የሚዘገየው ቀዶ ሕክምና ግን ከዓይን ኃይል ሁለት ሦስተኛ በላይ የሚሸከመውን ኮርኒያ፣ ሌንስ ሊያርመው በማይችለው መንገድ፣ እያጠፋው ይሄዳል።