የጎደለው ዲኤልኤል የማን ነው?

አየር ጤና ወይም ዓለም ባንክ አካባቢ ወዳለ ኮምፒውተር ጥገና ቤት የሚመጣ ደንበኛ ብዙውን ጊዜ የሚያውቀው ምልክቱን ብቻ ነው፦ «ፕሮግራሙ አልከፈት አለ፤ ዲኤልኤል ጠፍቷል ይለኛል።» በኮልፌ ቀራንዮም ሆነ በሌላው ክፍለ ከተማ የተለመዱት መልሶች ሁለት ናቸው። ወይ የተጠራውን ፋይል ከኢንተርኔት አውርዶ መለጠፍ፣ ወይ ዊንዶውሱን ፎርማት ማድረግ። ሁለቱም መቅደም ያለበትን ጥያቄ ይዘሉታል፦ ፋይሉን ወደ ማሽኑ ያመጣው ማነው?

ዲኤልኤል ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚጠሩት፣ አንድ ጊዜ ተጽፎ የተቀመጠ ኮድ ነው። መስኮት መክፈትን ወይም ፊደል መሳልን እያንዳንዱ ፕሮግራም ለየራሱ ከሚጽፍ ሁሉም ከአንድ ቦታ ቢወስደው ዲስክም ሜሞሪም ይተርፋል። ዊንዶውስ ከ1985ቱ የመጀመሪያ ስሪት ጀምሮ የተሠራው በዚህ መንገድ ነው (ዓመቶቹ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። ሊኑክስና ማክም የየራሳቸው አቻ አላቸው።

ዲኤልኤሎች እንደ ባለቤታቸው በሦስት ወገን ይከፈላሉ። አንደኛው ወገን የራሱ የዊንዶውስ ንብረት ነው፤ ከርነል 32፣ ዩዘር 32 እና ጂዲአይ 32 ከዚህ ይመደባሉ። እነዚህ ሲበላሹ መድኃኒቱ በዊንዶውስ ውስጥ ያለው የፋይል መፈተሻ ትእዛዝ፣ ኤስኤፍሲ ነው። አቀማመጣቸው ግን ያሳስታል፦ በ64 ቢት ዊንዶውስ «ሲስተም 32» የተባለው ፎልደር የሚይዘው 64 ቢቶቹን ሲሆን 32 ቢቶቹ ያሉት በስሙ 64 ያለበት «ሲስዋው 64» ውስጥ ነው። ተለጣፊው ፋይል ተሳስቶ ከገባ በ7ቢ የሚያበቃው የታወቀ የስህተት ቁጥር ይመጣል።

ለጥገና ቤት ብዙ ሥራ የሚፈጥረው ሁለተኛው ወገን፣ የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ማስኬጃ ነው። እዚህ በፋይሉ ስም መጨረሻ ያለውን ቁጥር ማንበብ ይበቃል፤ 100 የ2010 ጥቅል፣ 120 የ2013፣ 140 ደግሞ ከ2015 ወዲህ ያለው ነው። መፍትሔው ከማይክሮሶፍት ሙሉውን ጥቅል መጫን ነው፤ በ64 ቢት ማሽን ላይ የ32ቱንም ጭምር። ስሙ «ኤፒአይ ኤምኤስ ዊን ሲአርቲ» ብሎ የሚጀምር ፋይል ከጎደለ ማሽኑ አብዛኛውን ጊዜ አፕዴት አግኝቶ የማያውቅ አሮጌ ዊንዶውስ 7 ነው። ይህ ፋይል ያለበት የማስኬጃው ክፍል ከዊንዶውስ 10 ጋር በ2015 የመጣ ሲሆን ለ7 የተሰጠው በአፕዴት ነበር።

ሦስተኛው የፕሮግራሙ የራሱ ነው፤ በራሱ ፎልደር ይቀመጣል፤ ሲጠፋ ፕሮግራሙን እንደገና መጫን ይቀላል። በክራክ የሚሠራ ፕሮግራም ከሆነ ግን «ጠፋ» የተባለውን ፋይል የወሰደው አንቲቫይረሱ ሊሆን ይችላል፤ ክራክ ብዙ ጊዜ የሚነካካው ዲኤልኤልን ነውና። ነጠላ ፋይል አውርዶ መለጠፍን የምቃወመውም በሚከተለው ምክንያት ነው፦ ከጥቂት ዋና ዋና የሥርዓቱ ፋይሎች በቀር ዊንዶውስ መጀመሪያ የሚፈልገው በፕሮግራሙ ፎልደር ውስጥ ስለሆነ፣ ምንጩ ያልታወቀው ተለጣፊ ከደህናው ቀድሞ ይሠራል።

የጋራነቱ ነገር ራሱ ድሮም ጣጣ ነበረበት። በ1990ዎቹ አንዱ ፕሮግራም ሲጫን የሌላውን ፋይል በአሮጌ ስሪት ይተካ ነበር። ዊንዶውስ 2000 የሥርዓቱን ፋይሎች ከለላ ሰጣቸው፤ በ2001 የወጣው ኤክስፒ ደግሞ ልዩ ልዩ ስሪቶችን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ቻለ። ዛሬ ብዙ ፕሮግራም የራሱን ቅጂ ይዞ ይመጣል።

ለአማርኛ ጸሐፊ የሚቀርበው ምሳሌ ግን ሌላ ነው። ሲቪና ውል የሚተይቡት ጽሕፈት ቤቶች ለረጅም ጊዜ የተደገፉት እንደ ፓወር ግዕዝ ባሉ ለብቻቸው በሚጫኑ ሶፍትዌሮች ነው። በ2007 ለገበያ የቀረበው ዊንዶውስ ቪስታ ኒያላ የተባለውን ፎንትና የአማርኛ መተየቢያ ይዞ መጣ። መተየቢያው «ቴብል ቴክስት ሰርቪስ» የሚባል አንድ ዲኤልኤል ነው፤ አማርኛን ራሱ አያውቅም። የትኛው ቁልፍ የትኛውን ፊደል እንደሚያወጣ የሚነግረው አጠገቡ ያለ ተራ የጽሑፍ ሠንጠረዥ ነው፤ ለቻይናው የዪ ቋንቋም ሌላ ሠንጠረዥ ያነባል። ስለዚህ የፋይሉን ቅጥያ አይቶ መመደብ ብቻ አይበቃም፤ የአማርኛው ዕውቀት ያለው ዲኤልኤል ባልሆነው ፋይል ውስጥ ነው። ሊኑክስ ላይ ኤም 17 ኤን የተባለው ላይብረሪ ያንኑ ይሠራል። የአማርኛ ሠንጠረዡ ይትና ፍርድይወቅና ዳንኤል ያዕቆብ በ1990ዎቹ ያዘጋጁትን «ሴራ» የተባለ የላቲን አጻጻፍ ይከተላል፤ የቁልፍ አቀማመጡ ያልተመቸው ሰውም ፋይሉን በጽሑፍ ማረሚያ ከፍቶ ለራሱ ማስተካከል ይችላል።