የጥርስን ሥር አጽድቶ ስለ መድፈን

በጥርስ ውስጥ የደም ሥርና ነርቭ ያለበት ለስላሳ ሥጋ ይገኛል። ጥርሱ ተበልቶ ረቂቅ ተሐዋስያን እዚያ የገቡ እንደ ሆነ ሥጋው ይመግላል፤ ሕመሙም እንቅልፍ ይነሣል። በዚህ ጊዜ ሐኪሙ ጥርሱን ሳይነቅል የታመመውን ሥጋ አውጥቶ የሥሩን ቦይ ያጥባል። የፊት ጥርስ አብዛኛውን ጊዜ 1 ቦይ፣ የታችኛው መንጋጋ ጥርስ ግን ብዙውን ጊዜ 3 ቦይ አለው፤ አንዱም እንኳ ሊዘለል አይገባም።

የታጠበው ቦይ ባዶውን ቢቀር ተሐዋስያኑ ተመልሰው ይራቡበታል። ስለዚህ ጉታፐርካ በሚባል፣ ከዛፍ ወተት በሚገኝና ላስቲክ በሚመስል ነገር ይሞላል፤ በዙሪያው የሚቀረውንም ቀጭን ክፍተት ማጣበቂያ ይደፍነዋል። ከዚያም ጥርሱ ከላይ በጽኑ ሙሌት ወይም ቆብ በሚመስል ሽፋን ይከደናል።

በቀጠሮዎች መካከል የሚደረገው መድፈኛ ግን ጊዜያዊ ነው፤ ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ምራቅ ያሳልፋል። ብዙ ሰዎች ሕመሙ ሲተዋቸው ሕክምናው ያለቀ መስሏቸው ይቀራሉ። ነርቩ የወጣለት ጥርስ ቅዝቃዜና ሙቀት ስለማይሰማው፣ ቁስሉ ምልክት ሳያሳይ የመንጋጋውን አጥንት ሊበላ፣ ጥርሱም በመጨረሻ ሊነቀል ይችላል። ስለዚህ ሕመሙ ቢጠፋም ቀጠሮአችሁን እስከ መጨረሻው ትፈጽሙ ዘንድ አጥብቀን እናሳስባለን።