ለዘመድ ብዬ ዝም አልኩ፣ ቤቴ በይርጋ ሄደ

ዛሬ የፍቅርን ነገር ተወት አድርገን ስለ ቤት እናወራለን፡፡ ፍቅረኛ ቢሄድ ሌላ ይመጣል፤ የአባት ቤት ግን አንዴ ከእጅ ከወጣ ወጣ ነው!

ባለታሪካችን የ26 ዓመት ወጣት ናት፡፡ እናቷን በሕፃንነቷ፣ አባቷን ደግሞ በ9 ዓመቷ አጣች፡፡ አባቷ ራሱ ያሠራው ባለ ሦስት ክፍል ቤት ነበረው፡፡ እሷን አክስቷ ወሰደቻት፤ ቤቱ ውስጥ የአባቷ ታናሽ ወንድም ገባበት፡፡ 18 ዓመት ሲሞላት ቤቱ የእሷ መሆኑን አክስቷ ቁጭ አድርጋ ነገረቻት፡፡ እሷ ግን ምን አለች? «ጋሼን እንዴት ብዬ ነው የምከሰው? ሰው ምን ይለኛል?»

በዚሁ ይሉኝታ ስድስት ዓመት አለፈ፡፡ አንድ ቀን አጎትየው ሁለቱን ክፍሎች ማከራየቱን ሰማችና ክስ መሠረተች፡፡ አጎትየው ፍርድ ቤት ቀርቦ ሁለት መልስ ሰጠ፡፡ አንደኛው «ክሱ በይርጋ ታግዷል» የሚል ነው፡፡ ሁለተኛው ደግሞ «15 ዓመት ግብር ከፍዬበታለሁ፣ ቤቱ የእኔ ነው» የሚል፡፡

እስቲ ሕጉን እንየው

እኔ ከ12ኛ ክፍል በኋላ አልተማርኩም፡፡ ግን ጠየቅኩ፣ አነበብኩም፡፡ በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 1168፣ የማይንቀሳቀስ ንብረት ይዞ 15 ዓመት በተከታታይ ግብሩን የከፈለ ሰው ባለሀብት ይሆናል ይላል፡፡ ጉድ በሉ! ግን ወዲያው አትደናገጡ፡፡ ተከራይ ወይም «ቤቱን ጠብቅልኝ» የተባለ ሰው ንብረቱን የያዘው ለሌላ ሰው ነውና ስለቆየ ብቻ ባለቤት አይሆንም፡፡ መሬቱም ቢሆን ከ1967ቱ አዋጅ ወዲህ የግል አይደለም፤ በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 የመንግሥትና የሕዝብ ነው፡፡ ክርክሩ እንግዲህ በቤቱና በይዞታው ላይ ነው፡፡

ልጅቷን የጣላት ግን የ15 ዓመቱ ግብር አይደለም፤ ሌላው ነው፡፡ አንቀጽ 1000 እንደሚለው ወራሽ የሆነ ሰው መብቱንና ንብረቱ በሌላ መያዙን ባወቀ በ3 ዓመት ውስጥ ካልከሰሰ ክሱ ይታገዳል፡፡ እሷ ደግሞ እያወቀች 6 ዓመት ተቀምጣለች! ፍርድ ቤት ይርጋን በራሱ አያነሳም፤ ተከሳሹ ካነሳው ግን አለቀ፡፡ አጎትየው አነሳው፣ ረታ፡፡

60 ቀን ቀልድ አይደለም

«ይግባኝ እላለሁ» አለች፡፡ ጠበቃዋም «አታስቢ፣ እኔ አለሁ» አላት፡፡ እሷም አላሰበችም፡፡ ይግባኝ ፍርዱ በተሰጠ በ60 ቀን ውስጥ መቅረብ አለበት፡፡ ጠበቃው ሲሄድ 60ው ቀን አልፏል፤ ሬጅስትራሩ አልቀበልም አለ፡፡

በእርግጥ ቀን ያለፈበት ሰው በቂ ምክንያት ካለው ፍርድ ቤቱን ማስፈቀድ ይችላል፡፡ ግን የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 326 ላይ አንድ የማያወላዳ ነገር አስቀምጧል፡፡ ይግባኙ የዘገየው በወኪል፣ በጠበቃ ወይም በጠበቃው ጸሐፊ ጥፋት ከሆነ አይፈቀድም! «ጠበቃዬ ረስቶት ነው» ብላ አለቀሰች፤ ሰሚ አላገኘችም፡፡ ሰበርም የራሱ የ90 ቀን ገደብ እንዳለው የሰማችው እሱም ካለፈ በኋላ ነው፡፡

እንግዲህ እናንተስ?

የወላጆቻችሁን ቤት ሌላ ሰው ይዞት ከሆነ ዛሬውኑ ቀን ቁጠሩ፡፡ የወራሽነት ማስረጃ አውጥቶ ሳጥን ውስጥ መቆለፍ ቤት አያስመልስም፡፡ ሽምግልና ጥሩ ነው፤ ሽማግሌ «ለፋሲካ እንገናኝ፣ ለመስቀል እንገናኝ» ሲል ግን ሦስቱ ዓመት አይጠብቃችሁም፡፡ ከተፈረደባችሁም በዚያው ሰሞን የፍርዱን ግልባጭ አውጡ፣ 60ኛውን ቀን ካላንደር ላይ በቀይ አክብቡ፡፡ ጠበቃ ቢኖራችሁም የይግባኙን መዝገብ ቁጥር ጠይቃችሁ በእጃችሁ ያዙ፡፡ ሳይቃጠል በቅጠል!

ልጅቷ ዛሬ አንዲት ክፍል ተከራይታ ትኖራለች፡፡ ስንለያይ የነገረችኝን ልንገራችሁና ላብቃ፡- «ዝም ያልኩት ዘመዴን እንዳላጣ ብዬ ነበር፡፡ ይኸው አሁን ቤቱም የለ፣ ዘመዱም የለ፡፡»