የፀሐይ ማዕበል ለአርቦሬ ምኑ ነው?

ከወይጦ ከተማ ወደ ቱርሚ በሚወስደው መንገድ ላይ፣ የወይጦ ወንዝ ጨው ባሕር ከመድረሱ በፊት የሚያልፍበት የአርቦሬ ምድር ቆላ ነው፤ ከባሕር ጠለል በላይ 600 ሜትር እንኳ አይሞላም። ያላገቡ ልጃገረዶች ፀጉራቸውን ተላጭተው ከፀሐዩ እንዲከልላቸው ጥቁር ጨርቅ ራሳቸው ላይ ጣል ያደርጋሉ። ማሽላው የሚዘራው ወንዙ ሞልቶ ሲመለስ በሚተወው እርጥበት ላይ ነው። ወንዙ ካልሞላ ከብቱም ሰውም ይራባል። እዚህ ቦታ ላይ ቆሞ «ፀሐይ አደጋ ልታመጣ ነው» ብሎ ማስጠንቀቅ ለቀባሪው አረዱት ይሆናል።

የፀሐይ ማዕበል ግን ሌላ ነገር ነው፤ ከሙቀትም ከድርቅም ጋር አይገናኝም። ስለ እሱ የሚወራውም ስልክ በገባበት ሁሉ ይገባል። በየጥቂት ወሩ በፌስቡክና በቴሌግራም አንድ መልእክት ይዞራል፦ ዛሬ ሌሊት አደገኛ ጨረር በምድር አጠገብ ስለሚያልፍ ስልካችሁን አጥፉ፣ ከመኝታችሁ አርቁ፣ ናሳም ቢቢሲም ተናግረዋል ይላል። ናሳም ቢቢሲም አልተናገሩም። መልእክቱ ውሸት ነው። ጉዳቱ ማስፈራራቱ ብቻ አይደለም፤ እውነተኛው ማዕበል በመጣ ቀን የሚያምን ሰው እንዳይኖር ማድረጉም ነው።

እውነተኛው እንዲህ ነው። ፀሐይ በየ11 ዓመቱ ገደማ የምትጋጋልበትና የምትረጋጋበት ዑደት አላት፤ የአሁኑ ዑደት የጀመረው በ2012 ዓ.ም. መግቢያ ላይ ሲሆን ጣሪያው ላይ የደረሰው 2016 እና 2017 አካባቢ ነው። በምትጋጋልበት ጊዜ ፊቷ ላይ ካሉት ጥቋቁር ነጠብጣቦች አጠገብ ብርቱ ፍንዳታ ይነሣል። የፍንዳታው ብርሃንና ራጅ በ8 ደቂቃ ምድር ይደርሳል። አንዳንዴ ደግሞ በቢሊዮን ቶን የሚመዘን፣ የራሱን ማግኔት ይዞ የሚጓዝ የጋዝ ደመና ይወረወራል፤ ይህ ዘግይቶ፣ ከ15 ሰዓት እስከ 3 ቀን ባለው ጊዜ ውስጥ ይደርሳል። የወይጦን ዳር የሚያውቅ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም፦ ዝናቡ ደጋ ላይ ይዘንባል፣ ቆላው ሰማዩ ጠርቶ ሳለ ጎርፉ በማግስቱ ይደርሳል።

ለሰው ገላስ? ምድር ላይ የቆመ ሰው አይነካም። ወፍራሙ አየርና የምድር ማግኔት ጨረሩን ይመልሱታል፤ የማግኔቱ ጋሻ ደግሞ ከሁሉ የሚጠነክረው በእኛ አካባቢ፣ በምድር ወገብ ዙሪያ ነው። የጨረሩ ነገር ጠፈርተኞችን፣ በዋልታዎች በኩል በከፍታ የሚበሩ አውሮፕላኖችን ያሳስባል። የአርቦሬ እረኛን አያሳስብም። ጣሪያ ላይ ያለች አነስተኛ የሶላር ሰሌዳም በማዕበሉ አትቃጠልም፤ ስሟ ከፀሐይ ጋር ስለተያያዘ ብቻ የሚጠረጥሯት አሉ።

እንግዲህ አደጋው ሽቦና ሞገድ ላይ ነው። በነሐሴ 1851 ዓ.ም. መጨረሻ፣ በአፄ ቴዎድሮስ ዘመን፣ እንግሊዛዊው ሪቻርድ ካሪንግተን ፀሐይ ላይ ነጭ ብልጭታ አየ፤ 17 ሰዓት ተኩል ገደማ ቆይቶ የአውሮፓና የአሜሪካ ቴሌግራፍ ተናወጠ። ለእኛ ይበልጥ የሚቀርበው ግን ከዚያ በኋላ የመጣው ነው። አፄ ዮሐንስ አራተኛ አክሱም ላይ ዘውድ በጫኑበት ወር፣ በጥር 1864 ዓ.ም.፣ በዋልታ አገሮች ብቻ የሚታወቀው የሰማይ ብርሃን በካርቱም ታየ፣ በቦምቤይም ታየ። ከቦምቤይ ወደ ኤደን በባሕር ሥር የተዘረጋው የቴሌግራፍ ገመድ ለሰዓታት ታወከ። ማዕበል የሰሜኖች ጣጣ ነው የሚለውን አስተያየት እኔ የማልቀበለው በዚህ የተነሣ ነው።

በመጋቢት 1981 ደግሞ የካናዳዋ ኬቤክ መብራት በ90 ሰከንድ ገደማ ውስጥ ወደቀ፤ 6 ሚሊዮን ሰው ለ9 ሰዓታት ጨለማ ውስጥ ቆየ። የሆነው ይህ ነው፦ የምድር ማግኔት ሲንቀጠቀጥ መሬት ውስጥ ኤሌክትሪክ ይፈጠራል፤ ኤሌክትሪኩ ረጅም የማስተላለፊያ መስመር ካገኘ ከመሬት ጋር በታሰረው የትራንስፎርመር ሽቦ በኩል ይገባና ያግለዋል፣ መቆጣጠሪያውንም ያሳስተዋል። በጥቅምት 1996 ከነበረው ማዕበል በኋላ ደቡብ አፍሪካ ውስጥ በትልልቅ ትራንስፎርመሮች ላይ ጉዳት ታይቷል። ደቡብ አፍሪካ ከዋልታ ምን ያህል እንደምትርቅ ካርታ ማየት ይበቃል።

ኢትዮጵያ ያለችበት ቦታ ደግሞ ለብቻው የሚነገር ነው። የማግኔት ምድር ወገብ የሚባለው መስመር ኬንያን ከሚቆርጠው ከሚታወቀው የምድር ወገብ በስተሰሜን ርቆ፣ በአገራችን ላይ ያልፋል። በዚህ መስመር ላይ፣ 100 ኪሎ ሜትር ከፍ ብሎ፣ ቀን ቀን ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ የሚፈስ ብርቱ የኤሌክትሪክ ጅረት አለ፤ ኤሌክትሮጄት ይሉታል። አርቦሬና የደቡብ ኦሞዋ ጂንካ ከተማ ከጅረቱ መሃል ወደ ደቡብ ፈንጠር ያሉ ናቸው። ይህን ለመከታተል ነው ካናዳዊው ኢየሱሳዊ ካህን አባ ፒየር ጉዌን በ1950 ዓ.ም.፣ በዓለም አቀፉ የጂኦፊዚክስ ዓመት፣ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ውስጥ የማግኔት መለኪያ ጣቢያ ያቋቋሙት። ከዚያ ወዲህ የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ የዋሸራ ቤተ ሙከራ ተነሥቷል፤ አዲግራት ላይም አምበር የተባለው የአፍሪካ የማግኔት መለኪያ ሰንሰለት አንዱ ጣቢያ ተተክሏል። የዚህ ሰንሰለት መሪ የሆኑት ኢትዮጵያዊው የፊዚክስ ሊቅ እንዳወቀ ይዘንጋው የተሳተፉበት በ2007 ዓ.ም. የወጣ ጥናት ያሳየው፣ ከፀሐይ የሚመጣ ድንገተኛ ግፊት ኤሌክትሮጄቱ ሥር ሲደርስ ጉልበቱ እንደሚጨምር ነው። ተራ የሚመስል ቀን እንኳ፣ ማዕበል ሳይባል፣ በዚህ መስመር ሥር ላሉ አገሮች የኃይል መስመር የሚያሳስብ ሊሆን ይችላል ማለት ነው።

ይህን ሃምሳ ዓመት ወደ ኋላ ሄደን ብናነሣው የምሁራን ጨዋታ ሆኖ ይቀር ነበር፤ ረጅም መስመር አልነበረንማ። ዛሬ አለን። ከኦሞ ወንዝ 1,870 ሜጋ ዋት የሚያመነጨው ግልገል ጊቤ ሦስት፣ ከጉባ እስከ ሆለታ 600 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚዘልቀው የሕዳሴው ግድብ መስመር፣ ከወላይታ ሶዶ ኬንያ የሚገባው መስመር ሁሉ በአንድ ብሔራዊ የኃይል ቋት የተሳሰሩ ናቸው። የጂንካ መብራትም ከዚያው ነው። የኬቤክን ያህል መናወጥ እዚህ ይደርሳል አልልም፤ በማግኔት ወገብ አካባቢ የሚፈጠረው ኤሌክትሪክ ከሰሜኑ እጅግ ያነሰ ነው። ነገር ግን ትንሹም ሲደጋገም ትራንስፎርመርን ያስረጃል።

ሞገዱ ላይ ግን የእኛ ችግር ከሰሜኑ አያንስም፤ ይብሳልም። የፍንዳታው ራጅ ከሁሉ የሚበረታው ፀሐይ አናት ላይ በሆነችበት ቦታ ነው፤ አናት ላይ የምትሆነው ደግሞ እኛ ዘንድ ነው። ጳጉሜ 1 ቀን 2009 ዓ.ም. ከቀኑ 9 ሰዓት ገደማ ላይ ከአሁኑ በፊት በነበረው ዑደት ከታዩት ሁሉ ትልቁ ፍንዳታ ተነሣ። ቀን በሆነበት የዓለም ክፍል ሁሉ፣ አፍሪካን ጨምሮ፣ የአጭር ሞገድ ሬዲዮ ታፈነ። በዚያው ዕለት ካሪቢያን ውስጥ ኢርማ የተባለው አውሎ ነፋስ ደሴቶችን እየመታ ነበርና የነፍስ አድን ሬዲዮ ከሚያስፈልግበት ሰዓት ጋር ገጠመ። ይህን ወደ ደቡብ ኦሞ አምጥተው ይመልከቱት። ኦሞ ወንዝ ሞልቶ የዳሰነች መንደሮችን ሲከብብ፣ የስልክ ምሰሶ በሌለበት ቦታ የሚቀረው ያው የረጅም ርቀት ሬዲዮ ነው። መፍትሔው ከባድ አይደለም፤ እንዲህ ያለው መታፈን አብዛኛውን ጊዜ ከደቂቃዎች እስከ አንድና ሁለት ሰዓት ነው የሚቆየው። ሬዲዮ የያዘው ሰው መሣሪያው ተበላሸ ብሎ ከመፍታቱ በፊት ይህን ማወቁ ይበቃዋል።

ጂፒኤስ ሌላ ታሪክ አለው። በእኛ ሰማይ ላይ ፀሐይ ከገባች በኋላ እስከ እኩለ ሌሊት፣ በተለይ በመስከረምና በመጋቢት ሰሞን፣ የላይኛው አየር ይቦጫጨቅና የሳተላይት ምልክት ይንቀጠቀጣል። ማዕበል አንዳንዴ ይህን ያባብሰዋል፣ አንዳንዴም ያጠፋዋል፤ ተመራማሪዎቹን እስካሁን የሚያከራክራቸው ይህ ነው። ግንቦት 2 ቀን 2016 ዓ.ም. ከምሽቱ 2 ሰዓት ላይ ምድርን የመታው ማዕበል በሁለት አስርት ዓመታት ውስጥ ከታዩት የበረታው ነበር፤ አሜሪካ ውስጥ በጂፒኤስ የሚመሩ ትራክተሮች በዘር ወቅት ቆሙ። በጥር 2014 መጨረሻ ደግሞ እጅግ ቀለል ያለ ማዕበል የላይኛውን አየር አሳብጦ፣ ስታርሊንክ ካመጠቃቸው 49 ሳተላይቶች 38ቱን አውርዶ አቃጥሏቸዋል። ኢትዮጵያም በታኅሣሥ 2012 ኢቲአርኤስኤስ አንድ የተባለችውን ሳተላይቷን ካመጠቀች ወዲህ የዚህ ዓይነቱ ኪሳራ ከማይነካቸው አገሮች ተርታ ወጥታለች።

ስለ ሕይወት ከተነሣ፣ ከሰው ይልቅ ወፎቹ ናቸው የሚነኩት። በ2016 መጀመሪያ የታተመ የአሜሪካ ጥናት በማግኔት መናወጥ ወቅት የሚሰደዱ ወፎች ቁጥር ከ9 እስከ 17 በመቶ እንደሚቀንስ አሳይቷል። ከአውሮፓ ተነሥተው ስምጥ ሸለቆን ተከትለው ወደ ጨው ባሕር የሚወርዱትም አቅጣጫ የሚለዩት በከፊል በዚያው ማግኔት ነው።

ማስጠንቀቂያ አለ። ከምድር 1.5 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር ርቀው የተቀመጡ መንኮራኩሮች ደመናው ከመድረሱ ከ15 እስከ 60 ደቂቃ አስቀድመው ይናገራሉ፤ ለአፍሪካ የአየር በረራ ደግሞ የደቡብ አፍሪካው የሄርማኑስ ማዕከል ሌት ተቀን ይከታተላል። በዚያች ሩብ ሰዓት የኃይል ተቆጣጣሪው ምን ማድረግ እንዳለበት በወረቀት የተጻፈ መመሪያ ያስፈልገዋል፤ በማከፋፈያ ጣቢያዎች ከመሬት የሚገባውን ጅረት የሚለካ መሣሪያ ያስፈልገዋል። ዋጋው ከአንድ ትራንስፎርመር ጋር አይወዳደርም። የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኃይልና የዩኒቨርሲቲዎቹ ፊዚክስ ክፍሎች አንድ ጠረጴዛ ላይ ቢቀመጡ በአንድ በጀት ዓመት የሚያልቅ ሥራ ነው።

ይህ ሥራ ካልተሠራ ዕዳውን የሚከፍለው የመስመሩ ጫፍ ነው። ትልቅ ትራንስፎርመር ገበያ ላይ ተቀምጦ አይጠብቅም፤ በትዕዛዝ ይሠራል፣ ተሠርቶ እስኪመጣ ከዓመት በላይ ይወስዳል። አንድ ብቻ ተጠባባቂ ቢኖር የሚሄደው ወደ አዲስ አበባ እንጂ ወደ ጂንካ አይደለም።