የሊማሊሞ ዳገትና ትንሿ ቴርሞስታት

ከጎንደር ወደ ሰሜን የሚጓዝ መኪና አምባጊዮርጊስን አልፎ ዳባት ሲቃረብ፣ መስኮት የከፈተ ተሳፋሪ ካለ ሳይነገረው ይዘጋዋል። ደባርቅ ከባሕር ጠለል በላይ 2,850 ሜትር ግድም ላይ ናት፤ በኅዳርና በታኅሣሥ ማለዳ ሹፌር መኪናውን የሚያስነሣው የፊት መስታወቱን በጨርቅ እየወለወለ ነው። ከከተማዋ ትንሽ ወጣ ሲሉ ግን መሬቱ ይከዳል። በጣሊያን ወረራ ዘመን ገደሉ ተጠርቦ የተሠራው የሊማሊሞ መንገድ እየተጠማዘዘ ከአንድ ሺህ ሜትር በላይ ቁልቁል ይወርድና ዛሪማ ያደርሳል። እዚያ ጋቢ ሸክም ነው። መመለሻው ይብሳል፤ ጭነት የያዘ አይሱዙ ያን ሁሉ ዳገት በአንደኛና በሁለተኛ ማርሽ፣ ራዲያተሩ በቂ ነፋስ ሳያገኝ፣ እያቃሰተ ይወጣዋል።

ብርዱንም ቃጠሎውንም በአንድ ቀን ለሚያይ ሞተር ሙቀቱን የምታመጣጥንለት ከቡና ስኒ አፍ እምብዛም የማትበልጥ ዕቃ ናት፤ ቴርሞስታት ትባላለች። በአገራችን ጋራዦች እንደ እሷ ቶሎ የሚወቀስ፣ እንደ እሷም ያለ ጸጸት ተነቅሎ የሚጣል ዕቃ ጥቂት ነው። መኪና ዳገት ላይ ከጋለ «አውጣና ጣላት» የሚለው ምክር ከመካኒኩ ብቻ ሳይሆን ከረዳቱም፣ አንዳንዴም ከኋላ ወንበር ይመጣል።

እጅ ላይ ስትያዝ ብዙ ነገር የላትም። ዙሪያዋ የብረት ቀለበት ነው። መሐል ላይ በጠንካራ ሞላ ተገፍቶ የተዘጋ ክብ ክዳን አለ፤ ከክዳኑ ሥር የጣት ጫፍ የምታህል የናስ ዕቃ ተሰክታለች። ሥራው ያለው በናሷ ውስጥ ነው፤ በሰም ተሞልታ ታሽጋለች። ሰሙ ሲሞቅ ይቀልጣል፣ ሲቀልጥም ይሰፋል፤ መሄጃ ስለሌለው መሐል ያለችውን ዘንግ ይገፋል፤ በዚህ ኃይል ክዳኑ ሞላውን አሸንፎ ይከፈታል። ሲበርድ ሰሙ ይኮማተራል፣ ሞላው ክዳኑን ወደ ቦታው ይመልሰዋል። ሽቦ የለ፣ ኤሌክትሪክ የለ። ይህን በሰም የሚሠራውን ዓይነት እ.ኤ.አ. በ1934 የፈለሰፈው ሰርጂየስ ቨርኔት ነው። ቀደም ሲል ይሠራባቸው የነበሩት በአልኮል የተሞሉ ተለጣጭ የቆርቆሮ ከረጢቶች የራዲያተሩ ግፊት ከፍ ሲል በወጉ አይከፈቱም ነበር፤ ሰም ግን ለግፊት ግድ የለውም።

ቀለበቷ ላይ 76፣ 82 ወይም 88 የሚል ቁጥር ተቀርጿል። ክዳኑ መከፈት የሚጀምርበት የውሃ ሙቀት በሴንቲግሬድ ነው። ሙሉ በሙሉ የሚከፈተው ሙቀቱ ከዚያ ሌላ አሥር፣ አሥራ አምስት ዲግሪ ሲጨምር ነው፤ ለምሳሌ የ82ቷ 95 ዲግሪ ላይ ትጨርሳለች። ያኔም ክዳኑ ከቦታው የሚነሣው 8 ሚሊ ሜትር፣ ቢበዛ ጥቂት አለፍ ቢል ነው።

በዚህች 8 ሚሊ ሜትር ብዙ ነገር ይወሰናል። ክዳኑ ተዘግቶ ሳለ ውሃው በሞተሩ ውስጥ ብቻ ይሽከረከራል፤ ሞተሩ ቶሎ ይሞቃል። ሲከፈት ወደ ራዲያተሩ ወጥቶ በነፋስ ይበርዳል። ከሞተሩ የሚመጣው ሙቅ ውሃ ሌላም መንገድ አለው፤ ከዳሽቦርዱ ኋላ ወደተሸሸገች ትንሽ ራዲያተር ይገባል፤ ተሳፋሪውን የሚያሞቀው፣ የመስታወቱን ጉም የሚያጠፋው አየር በእሷ ላይ ተነፍቶ የሚመጣ ነው። እንግዲህ ደባርቅ ላይ «ማሞቂያው አይሠራም» የሚባለውና ሊማሊሞ ላይ «ሞተሩ ጋለ» የሚባለው ሁለት የተለያየ ችግር ይምሰሉ እንጂ የሚጠጡት ከአንድ ውሃ ነው።

ቴርሞስታቷ ከተነቀለች ውሃው ከመጀመሪያው ደቂቃ ጀምሮ ወደ ራዲያተር ይሮጣል። ዳባትና ደባርቅ መሐል፣ በማለዳ፣ የሙቀት መለኪያው መርፌ ከታች አልነሣም ይላል። ማሞቂያው ቢከፈት የሚነፋው ለብ ያለ አየር ነው። ጉዳቱ እዚህ ቢያበቃ ተሳፋሪው ጋቢውን ደርቦ ይችለው ነበር። የበረደ ሞተር ግን ናፍጣ ያባክናል፤ በደንብ ያልተቃጠለው ናፍጣ በሲሊንደሩ ግድግዳ ወርዶ ዘይቱን ያቀጥነዋል፤ ሞተሩ ከዕድሜው በፊት ይበላል።

የሚገርመው፣ መንቀሏ ለዳገቱም አለመጥቀሙ ነው። በብዙ ሞተሮች ቴርሞስታቷ ሁለት በር ነው የምትጠብቀው፤ ወደ ራዲያተር የሚወስደውን ስትከፍት፣ ውሃው ራዲያተሩን ሳይነካ ወደ ሞተር የሚመለስበትን አቋራጭ በሌላኛው ጫፏ ትዘጋለች። እሷ ከሌለች አቋራጩ ሁልጊዜ ክፍት ነው፤ ከሚፈላው ውሃ ከፊሉ ሳይበርድ ተመልሶ ይገባል። በየመንገዱ የምናየው የቶዮታ የጥገና መጽሐፍ ሞተሩ የመጋል ጠባይ ቢኖረው እንኳ ቴርሞስታቱን አታውጡ፣ ማቀዝቀዙ ይቀንሳል ብሎ የሚያስጠነቅቀው በዚህ ምክንያት ነው።

ታዲያ ሊማሊሞ ላይ ያጋለው ምንድን ነው? መልሱን መኪናው ራሱ ይናገራል፤ ምልክቶቹን ለይቶ ማንበብ ነው ሥራው። ሜዳ ላይ ደኅና ሆኖ ዳገት ላይ በዝግታ ሲወጣ ብቻ የሚግል ከሆነ ጥርጣሬው ወደ ቬንትሌተሩ ነው፤ ቺንጋው ላልቷል፣ ወይም ቬንትሌተሩን የሚይዘው ክላች ደክሞ በቂ ነፋስ አይስብም። በተቃራኒው ሜዳ ላይ በፍጥነት ሲሄድ የሚግል ከሆነ ነፋስ አልጎደለውም፤ ራዲያተሩ ውስጡ በዝገትና በዝቃጭ ተደፍኗል፣ ወይም ከፊቱ በአቧራና በገለባ ታፍኗል። መርፌው ወደ ቀዩ እየወጣ ወደ ራዲያተሩ ከሚገቡትና ከሚወጡት ሁለት የጎማ ቱቦዎች አንዱ እጅ የሚያቃጥል፣ ሌላው ቀዝቃዛ ከሆነ ውሃው አልዞረም ማለት ነው፤ ቴርሞስታቷ ተዘግታ መቅረቷ፣ ራዲያተሩ መደፈኑ ወይም ውሃ ፓምፑ መሞቱ የሚጣራው ያኔ ነው።

ልምድ ያለው ሹፌር በጣም የሚፈራው ምልክት ግን ሌላ ነው። ሞተሩ እየጋለ ሳለ ማሞቂያው ድንገት ቀዝቃዛ አየር መንፋት ከጀመረ ውሃው ጎድሏል። የማሞቂያዋ ትንሽ ራዲያተር ብዙ ጊዜ ከፍ ብላ ስለምትቀመጥ፣ ውሃ ሲጎድል ወይም አየር ሲገባ ቀድማ የምትራቆተው እሷ ናት። እዚህ ላይ ቀስ ብሎ ጥግ ይዞ ሞተሩን ማጥፋት እንጂ «እስከ ዳገቱ ራስ ልግፋው» ማለት ቴስታታ (የሞተሩን ራስ) ያጣምማል፣ ጓርኒሲዮን (ማሸጊያውን) ያቃጥላል። የጋለ ሞተር ላይ ከጀሪካን ቀዝቃዛ ውሃ መድፋትም ብረቱን ይሰነጥቀዋል፤ የራዲያተሩን ክዳን በትኩሱ መክፈት ደግሞ ፊትና እጅ ይልጣል። ውሃው ሳይጎድል መርፌው መውጣት ብቻ ከጀመረ ግን ሹፌሮች የሚያውቁት ዘዴ ይሠራል፦ ኤሲውን አጥፍቶ ማሞቂያውን እስከ መጨረሻው መክፈት። ትንሿ ራዲያተር ትልቋን ታግዛለች፤ ተሳፋሪው ለጊዜው ቢያጉረመርምም።

ከፍታው በራሱ አንድ ባለጉዳይ ነው። ውሃ በባሕር ጠለል በ100 ዲግሪ ይፈላል፤ በየ300 ሜትሩ ከፍታ አንድ ዲግሪ ያህል ይቀንሳል። ደባርቅ ላይ 90 ዲግሪ ሲያልፍ ይፈላል። በሰሜን ተራሮች ከጨነቅ በላይ ወደ ጃናሞራ የሚወስደው መንገድ በሚያቋርጠው 4,200 ሜትር ግድም ባለው የቧሂት መተላለፊያ ደግሞ 86 ዲግሪ አካባቢ ይበቃዋል። ሞተርን ከዚህ የሚያድነው የራዲያተሩ ክዳን ነው። ክዳኑ ውስጥ ያለው ሞላና ጎማ እንፋሎቱን አፍኖ በብዙ መኪኖች 0.9 ባር ያህል ግፊት ይይዛል፤ በዚህ ግፊት ደባርቅ ላይ እንኳ ውሃው እስከ 110 ዲግሪ ቢደርስ አይፈላም። ጎማው ከደረቀ ግን ይህ ሁሉ ይቀራል። 88 የተቀረጸባትን ቴርሞስታት ይዞ፣ በሞተ ክዳን ቧሂትን የሚያቋርጥ መኪና ውሃው የሚፈላው በሩ መከፈት ከመጀመሩ በፊት ነው። ሹፌሩ ቴርሞስታቷን ይረግማል፤ ጥፋተኛው ግን በጣም ርካሹ ክዳን ነው።

ከፍታው የጋራዡንም ፈተና ያዛባል። ቴርሞስታት የሚፈተነው በቀላል መንገድ ነው፤ በክር አንጠልጥሎ ድስት ውሃ ውስጥ መክተት፣ ቴርሞሜትር ጨምሮ ውሃውን ማሞቅ፣ ክዳኑ ስንት ዲግሪ ላይ እንደሚላቀቅ ማየት። ደባርቅ ላይ ግን ድስቱ 90 ዲግሪን እምብዛም ሳያልፍ ይንተከተካል፤ የቱንም ያህል እሳት ቢጨመርበት ከዚያ አይወጣም። ስለዚህ 95 ላይ መጨረስ ያለባት የ82ቷ በድስት ውስጥ በከፊል ብቻ ትከፈታለች፤ የ88ቷ ደግሞ ገርበብ ብትል ነው። ይህን ያላወቀ መካኒክ ጤነኛዋን «አልከፍት ብላለች» ብሎ ይጥላታል። በደጋ ጋራዥ ትክክለኛው ጥያቄ በተጻፈባት ቁጥር አካባቢ መላቀቅ ጀመረች ወይ፣ ከውሃ ስትወጣስ ሙሉ በሙሉ ተዘጋች ወይ የሚለው ነው።

ወደ መኪናው ውስጥ ሲገባ ችግሮቹ ቀለል ይላሉ። የማሞቂያው ነፋሽ በአንድ፣ በሁለትና በሦስት አልሠራ ብሎ በከፍተኛው ብቻ የሚነፋ ከሆነ የነፋሹ ሞተር ደኅና ነው፤ ፍጥነቱን የሚቀንሰው ሬዚስተር ተቃጥሏል። በየትኛውም ካልነፋ ፊውዙና ሬሌዩ ይቅደሙ። ነፋሱ እያለ ሙቀቱ ካልተለወጠ በቀይና በሰማያዊ መሐል የሚመላለሰው መቆጣጠሪያ ገመዱ ተላቅቆ ይሆናል፤ በድሮ መኪኖች ይህ ገመድ በዓይን ይታያል፣ በእጅም ይመለሳል።

የመስታወት ጉም ሌላው የዚህ መንገድ ጣጣ ነው። ምችና ብርድ የሚፈራ ሕዝብ መስኮት አያስከፍትም፤ ሚኒባስ ሙሉ ሰው የሚተነፍሰው እርጥበት ቀዝቃዛው መስታወት ላይ ያርፋል። አየሩን ውስጥ ለውስጥ የሚያዞረው ቁልፍ ከተበራ ነገሩ ይብሳል። መፍትሔው የውጭ አየር ማስገባት፣ ሙቀቱን ወደ መስታወቱ ማዞር፣ ኤሲ ላለው ደግሞ ከማሞቂያው ጋር አብሮ ማብራት ነው፤ ኤሲ አየርን ከማቀዝቀዙ በተጨማሪ ያደርቀዋል። ከደባርቅ በላይ ተራራው ውስጥ ባለው ሳንቃበር፣ በ3,250 ሜትር፣ ውርጭ በጣለበት ማለዳ ኤሲው አልነሣም ቢል ግን ብዙ ጊዜ ብልሽት አይደለም፤ ማቀዝቀዣው በረዶ እንዳይጋግር መከላከያው አግዶት ነው። ያው ኤሲ ዛሪማ ሙቀት ውስጥም ካልተነሣ ጋዙ አንሷል ብሎ መጠርጠር ተገቢ ነው። የሚያፈስበት ቦታ ሳይገኝ ጋዝ መሙላት ግን ገንዘብ ማፍሰስ ነው።

መኝታና ማብሰያ የተሠራላቸው፣ አህጉር የሚያቋርጡ የጉዞ መኪኖች ደግሞ የራሳቸው ዕዳ አላቸው። ሞተር ጠፍቶ የሚሞቁት በትንሽ የናፍጣ ምድጃ ነው። ምድጃዋ ናፍጣውን የምትመትረው ለቆላ አየር ነው፤ ሳንቃበር ላይ አየሩ በሲሶ ገደማ የሳሳ ስለሆነ ናፍጣው ይበዛባታል፣ ታጨሳለች፣ ጥቀርሻ ትሞላለች፣ በማግስቱም እንቢ ትላለች። ዌባስቶና ኤበርሽፔኸር የተባሉት የጀርመን አምራቾች ለከፍታ የሚስተካከሉ ዓይነቶች የሚሸጡት ለዚህ ነው። ያለዚያ ምድጃዋን በዝቅተኛ ከማንደድ ይልቅ በከፍተኛ አንድዶ ማጥፋት ጥቀርሻውን ይቀንሳል።

ቴርሞስታት መቀየር የግድ ሲሆን ደባርቅ ላይ ካልተገኘች ከጎንደር፣ አለዚያም ከአዲስ አበባ ሶማሌ ተራ ትመጣለች። ያገለገለችም ሆነች አዲስ፣ ሳይገዟት ማየት ይቻላል። ቁጥሯ የመኪናው መጽሐፍ ከሚለው ጋር ይመሳከራል። ወደ ብርሃን ስትያዝ ክዳኑ ዙሪያውን ገጥሞ መዘጋት አለበት፤ በጠርዙ ብርሃን ካሳለፈች ደባርቅ ላይ አታሞቅም። ቀለበቷ ላይ የተንጠለጠለች ትንሽ ቁልፍ ያላት ቀዳዳ ካለች፣ ስትገጠም ወደ ላይ ትዙር፤ ውሃ ሲሞላ የታፈነው አየር የሚወጣው በእሷ በኩል ነው። ጓርኒሲዮኗ አዲስ ይሁን። ሞልተው ሲጨርሱም ማሞቂያውን ከፍቶ፣ ሞተሩን እያሠሩ፣ ውሃው እስኪረጋ መጠበቅና ሞተሩ ከበረደ በኋላ የጎደለውን መሙላት ነው፤ ከዚያ ወደ ሊማሊሞ።