ያውቁ ኖሯል? ሁለተኛ ቅጂ ያዳነው፣ ሁለተኛ ቅጂ ያጣው

(ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ከቡኮቶ ቦዳ ቦዳ (የሞተር ታክሲ) ይዘው በኪራ መንገድ ወደ መሃል ካምፓላ የሚወርዱ ሐበሾች የኡጋንዳ ሙዚየምን ሳያዩት አይቀሩም። በ1954 የተከፈተውን ይህን ሕንፃ የነደፈው የፍራንክፈርትን የሠራተኛ ሰፈሮች የነደፈው ጀርመናዊ አርክቴክት ኧርነስት ማይ መሆኑን ያውቁ ኖሯል? በ2011 መንግሥት እዚያው ቦታ ላይ ባለ 60 ፎቅ የንግድ ማዕከል ሊያቆም አስቦ ነበር። የቅርስ ተቆርቋሪዎች ፍርድ ቤት ሄዱ። ሙዚየሙ ዛሬም አለ፤ ፎቁ የለም።

ሙዚየሙን ከ1948 እስከ 1957 የመራው ክላውስ ቫክስማን በርሊን ተወልዶ፣ ናዚዎች ሲመጡ አገሩን ጥሎ የወጣ የሙዚቃ ምሁር ነው። የሙዚቃ መሣሪያ መስታወት ውስጥ ተቆልፎ እንዲቀመጥ አልፈለገም፤ ስለዚህ ሙዚየሙ ለጎብኚ የሚጫወቱ ሙዚቀኞች ነበሩት። ከእነሱ አንዱ የቡጋንዳ ቤተ መንግሥት ሙዚቀኛ ኤቫሪስቶ ሙይንዳ ነው። ቫክስማን መቅረጫውን ይዞ አገሩንም ዞረ። የቀረጻቸው 1,500 ገደማ ድምፆች ግን ለንደን፣ ብሪቲሽ ላይብረሪ ገብተው ቀሩ።

እዚያ ደግሞ ምን ደረሰ? በጥቅምት 2023 ሰርጎ ገቦች የብሪቲሽ ላይብረሪን ኮምፒውተሮች ቆልፈው ገንዘብ ጠየቁ። ላይብረሪው አልከፍልም አለ፤ የተሰረቀው መረጃም ተበተነ። ከተዘጉት አገልግሎቶች አንዱ ማንም ሰው ቤቱ ቁጭ ብሎ የድሮ ቅጂዎችን የሚያዳምጥበት የድምፅ ድረ ገጽ ነው። ዋናዎቹ ቅጂዎች አልጠፉም፤ በሩ ግን ተዘጋ። ደግነቱ ካምፓላ ውስጥ ሌላ በር ነበረ። ፕሮፌሰር ሲልቪያ ናኞንጋ ታሙሱዛ በማኬሬሬ ዩኒቨርሲቲ በቫክስማን ስም መዝገብ ቤት አቋቁመው የእነዚያን ድምፆች ዲጂታል ቅጂ ከለንደን አስመጥተው ነበር። ያኔ «ኢንተርኔት ላይ ያለ ነገር ለምን ድጋሚ ይቀዳል?» ያለ ሰው ካለ መልሱን ከሰርጎ ገቦቹ አግኝቷል።

ግን ድምፅ መቅረጽ ብቻውን አይበቃም። አማዲንዳን እንይ። በእንጨት ረድፎች ላይ የሚመታ የባጋንዳ (የቡጋንዳ ሕዝብ) መሣሪያ ነው፤ 12 እንጨቶች አሉት። ሁለት ሰዎች ፊት ለፊት ተቀምጠው አንዱ በመታበት ክፍተት ሌላው ይመታል። ሦስተኛው ሰው ጫፍ ላይ ያሉትን፣ ቀጭን ድምፅ የሚሰጡትን ሁለት እንጨቶች ብቻ ይዞ ከታች የሰማውን ከላይ ይደግማል። የምንሰማውን ዜማ ከሦስቱ አንዳቸውም ብቻቸውን አይጫወቱትም! ስለዚህ በአንድ ማይክሮፎን የተቀዳ አማዲንዳ ማን ምን እንደመታ አይነግርም። ኡጋንዳዊው ሙዚቀኛ ጆሴፍ ኪያጋምቢድዋ በ1955 ባሳተመው መጽሐፍ 61 የአማዲንዳ ዜማዎችን በጽሑፍ አስቀምጧል። ኦስትሪያዊው የሙዚቃ ምሁር ጌርሃርድ ኩቢክ ደግሞ ሙይንዳ እግር ስር ቁጭ ብሎ ተማረ። በእኔ አስተያየት ከድምፅ ቅጂው እኩል ዋጋ ያለው ይህ በጽሑፍና በትምህርት የተላለፈ ዕውቀት ነው።

እንቴንጋስ? 15 ከበሮዎች። 12ቱ በዜማ የተቃኙ ናቸው፤ አራት ሰዎች ይመቷቸዋል። የቀሩት ሦስቱ በሁለት ሰዎች እጅ ናቸው። የሚመታው ለካባካው፣ ለቡጋንዳ ንጉሥ፣ ብቻ ነበር። ግንቦት 1966 የመንግሥት ጦር የመንጎን ቤተ መንግሥት ሲያጠቃ ንጉሡ ተሰደዱ፣ ሙዚቀኞቹም ተበተኑ። ንጉሣዊው ሥርዓት የተመለሰው በ1993 ነው። የአፍሪካን ሙዚቃ እየዞረ ይቀርጽ የነበረው ሂው ትሬሲ በ1950ዎቹ መጀመሪያ ግቢው ገብቶ የቀረጻቸው ሸክላዎች ባይኖሩ የዛሬ ወጣት ከበሮ መቺ ጆሮውን የሚያሟሽበት ነገር ብዙም አያገኝም ነበር።

ለመጥፋት የተቃረበ ሌላም አለ። የቡሶጋው ቢግዋላ (ከቅል የሚሠራ መለከት ነው) በ2012 በዩኔስኮ የአስቸኳይ ጥበቃ መዝገብ ላይ ሲሰፍር በሕይወት ያሉ አዛውንት አዋቂዎቹ አራት ብቻ ነበሩ።

ዲጂታል የሆነ ነገር አይጠፋም የሚል ሰው ወደ ዋካሊጋ ይሂድ። ናብዋና አይ.ጂ.ጂ. በዚህ የካምፓላ ሰፈር «ካፒቴን አሌክስን ማን ገደለው?» የሚለውን ፊልም በ2010 ከ200 ዶላር በታች ሠራው ይባላል። ፊልሙ ኋላ በዩቲዩብ ዓለምን ዞረ። ዋናው ፋይል ግን የለም። ኮምፒውተሩ ሲሞላ ለሚቀጥለው ፊልም ቦታ ለማስለቀቅ ተሰረዘ! የቀረው ጥራቱ ዝቅ ያለ የዲቪዲ ቅጂ ነው፤ ዛሬ የምናየውም በእሱ ላይ ቪጄ ኤሚ እየጮኸና እየቀለደ የተረከበት ነው። «ቪጄ» በኡጋንዳ ቪዲዮ ቤት ማይክ ጨብጦ የፈረንጁን ፊልም በሉጋንዳ የሚተረጉም፣ ሲያሻው የሚያሾፍ ሰው ነው። ተመልካቹ ብዙ ጊዜ ፊልሙን የሚመርጠው በተዋናዩ ሳይሆን በቪጄው ነው። የቪዲዮ ቤቶቹ የቀጥታ ትርጉም ግን አብዛኛው ሳይቀዳ አየር ላይ ቀርቷል።

በሕንድም ቤንጋሎች ይህን ሕመም ከድሮ ጀምሮ ያውቁታል። ከሕንድ ሲኒማ ጀማሪዎች አንዱ የሆነው የሂራላል ሴን ፊልሞች በሙሉ በ1917 በእሳት ወደሙ፤ እሱም ብዙ ሳይቆይ ሞተ። የፊልም ዳይሬክተሩ የሳትያጂት ራይ ዕድል ይሻላል። አፑ ስለተባለ ገጸ ባሕርይ የሠራቸው ሦስት ፊልሞች ነጋቲቭ በ1993 ለንደን ውስጥ ያለ ላቦራቶሪ ሲቃጠል ተጎዳ። የተረፈውን ቁርጥራጭ የኦስካር ሽልማት አካዳሚ አስቀምጦት ኖሮ፣ ከ20 ዓመት በኋላ የቦሎኛ ባለሙያዎች አንድ ሺህ ሰዓት ገደማ በእጅ ሲጠግኑት ከመጀመሪያው ፊልም 40 በመቶ፣ ከሁለተኛው ከ60 በመቶ በላይ ሊጠቀሙበት ቻሉ። ሦስተኛው አልሆነም። ጎዶሎው የተሞላው በሌሎች መዝገብ ቤቶች ተቀምጠው በነበሩ ቅጂዎች ነው።

ካሴት ያላችሁ ፍጠኑ። የአውስትራሊያ ብሔራዊ የፊልምና የድምፅ መዝገብ ቤት በ2015 ባወጣው ጽሑፍ እስከ 2025 ያልተገለበጠ የቴፕ ክር በአብዛኛው እንደሚጠፋ አስጠንቅቆ ነበር። ምክንያቱ ክሩ ብቻ አይደለም፤ ማጫወቻውም፣ መለዋወጫውም፣ ጠጋኙም እያለቀ ነው።

ከካሴት በፊት ደግሞ ሸክላ ነበር። የሕንዷ ዘፋኝ ጋውሃር ጃን በ1902 ካልካታ ላይ ስትቀረጽ ዘፈኗን የምትጨርሰው ስሟን በእንግሊዝኛ በመናገር ነበር። ሸክላው የሚታተመው ጀርመን ስለነበር ሠራተኞቹ ዘፋኟን እንዲለዩ ነው። በ1908 የካልካታ ከተማ የራሷን የሸክላ ፋብሪካ አገኘች። በዚያው ሰሞን ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በርሊን ውስጥ የአማርኛን የመጀመሪያ ሸክላዎች ይቀርጽ ነበር። ከ60 ዓመት ገደማ በኋላ ሙዚቃ አሳታሚው አምኃ እሸቴ የራሱን ሸክላ ማሳተም ሲጀምር የመጀመሪያዎቹ የታተሙት የት መሰላችሁ? ሕንድ አገር! እስከ 1975 ድረስ 103 ትንንሽ ሸክላዎችና ደርዘን ያህል ትልልቅ አሳተመ። ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ «ኢትዮፒክስ» ብሎ በሲዲ መልሶ ካወጣው ሙዚቃ ብዙው ከዚያ የተቀዳ ነው። የተሰማ እሸቴ የበርሊን ሸክላዎች ግን ተራቸው እስኪደርስ 100 ዓመት ገደማ ጠበቁ፤ የተከታታዩ ቁጥር 27 እነሱ ናቸው።